ሌሊት የሚሻው የተራራ አበባ

በሰሜን ማዳጋስካር የጻራታናና ተራሮች ይገኛሉ። ከፍተኛው ጫፋቸው ማሮሞኮትሮ 2,876 ሜትር ሲሆን ከደሴቲቱ ተራሮች ሁሉ የሚበልጠውም እርሱ ነው። ፈረንሳዊው የዕፅዋት ተመራማሪ ሄንሪ ፔሪዬ ዴ ላ ባቲ እ.ኤ.አ. በ1924 ከዚህ አምባ አንዲት ተክል አገኘ፤ ቁመቷ ከክንድ የማይበልጥ፣ ቅጠሏ ወፍሮ ውኃ የቋጠረ፣ አበባዋም እንደ ፍም የቀላ። ዛሬ በየከተማው ካላንቾ እየተባለች በትንሽ ማሰሮ የምትሸጠው የቤት አበባ ዘሯ ከዚህች የተራራ ተክል ይመዘዛል።

ስሟን ግን ከዚህ ሰው አላገኘችም። በ1932 በጀርመን የፖትስዳም ከተማ የዘር ነጋዴ የነበረው ሮበርት ብሎስፌልድ ለገበያ አቀረባት፤ በ1934 ፎን ፔልኒትስ የተባለ የዕፅዋት ሊቅ ራሷን የቻለች ዝርያ መሆኗን ሲጽፍ ካላንቾ ብሎስፌልዲያና ብሎ ሰየማት። ተራራውን የወጣው ቀርቶ የሸጠው በስሟ ገባ።

የኢትዮጵያ ደጋ ዘመዷ የእንዳሁላ ታሪክ ደግሞ የከበደ ነው። በ1839 ቴዎፊል ሌፌቭር የሚመራው የፈረንሳይ የጥናት ጉዞ ወደ ኢትዮጵያ ሲመጣ ዕፅዋት የሚሰበስቡ ሁለት ሐኪሞች አብረውት ነበሩ። ኳርቲን ዲሎን በመረብ ሸለቆ ንዳድ ይዞት ሞተ። አንቷን ፔቲን በ1843 ዓባይን ሲሻገር አዞ በላው። የሰበሰቧቸው ደረቅ ቅጠሎች ግን ፓሪስ ደረሱ። አሺል ሪሻር ከ1847 እስከ 1851 ባሳተመው የሐበሻ ዕፅዋት መጽሐፍ አንደኛውን ካላንቾ ፔቲቲያና፣ ሌላውን ካላንቾ ኳርቲኒያና አላቸው፤ የመጽሐፉም ርእስ ራሱ ሁለቱን ሟቾች በስም ያነሣል። በደጋው የሚኖረው ገበሬ ይህን ሁሉ ሳይሰማ ቅጠሉን በእሳት ለብልቦ እብጠት ላይ ሲያደርግ ኖሯል፤ ለእርሱ ተክሉ ያው እንዳሁላ ነው።

ወደ ማዳጋስካሯ ተክል እንመለስ። አውሮፓ የገባችው ለእርሷ በሚመች ጊዜ ነበር። ጋርነርና አላርድ የተባሉ ሁለት አሜሪካውያን በ1920 ባሳተሙት ጥናት አንዳንድ ተክሎች የሚያብቡበትን ወቅት የሚለዩት በቀኑ ርዝመት መሆኑን በትምባሆና በአኩሪ አተር አሳይተው ነበር። በኋላ እንደተረጋገጠው ግን ተክሉ የሚቆጥረው በተለይ የጨለማውን ርዝመት ነው። ካላንቾም ከእነዚህ ወገን ሆና ተገኘች። በጎቲንገን የሪቻርድ ሃርደር ሙከራዎች ከዚህ አልፈው አስገራሚ ነገር አሳዩ፤ አንድ ቅጠል ብቻ ተለይቶ ረዥም ጨለማ ቢያገኝ፣ ከእርሱ በላይ በዚያው ወገን ያለው ክፍል ያብባል። ጨለማውን የምትቆጥረው በቅጠሏ ነው ማለት ነው።

በጻራታናና ኬክሮስ በዓመቱ ረዥሙና አጭሩ ቀን መካከል ያለው ልዩነት ሁለት ሰዓት እንኳ አይሞላም። ከወገብ በታች ክረምት በሚሆንበት በሰኔ ገደማ ሌሊቱ 12 ሰዓት ከ40 ደቂቃ ያህል ይሆናል። ተክሏ ይህን ትንሽ ጭማሪ ለይታ ታብባለች። የሰሜን አውሮፓ አትክልተኞች ምሥጢሩን ካወቁ ወዲህ የመስተዋት ቤቶቻቸውን በጥቁር ጨርቅ እየሸፈኑ በፈለጉት ወር ሊያሳብቧት ቻሉ። ቀይ ብቻ የነበረውም ቀለም በማዳቀል ቢጫ፣ ብርቱካንማ፣ ሮዝና ነጭ ወለደ።

ካላንቾ የአንድ ወቅት አበባ ናት የሚለው ስሕተትም የመጣው ከዚሁ ነው። ገዢው ሲያመጣት አብባ ነው፤ አበባው ሲረግፍ ተመልሳ ስለማታብብ ትጣላለች። ጥፋቱ ግን የአምፖሉ ነው። ሳሎን ውስጥ እስከ ሌሊቱ 5 ሰዓት መብራት ሲበራ የምታድር ተክል እምቡጥ የምትይዝበትን ጨለማ አታገኝም። በአዲስ አበባ ኬክሮስ የቀኑ ርዝመት በዓመት ውስጥ የሚለዋወጠው በአንድ ሰዓት ገደማ ብቻ በመሆኑ የመንገድ መብራት እንኳ ነገሩን ሊያበላሽ ይችላል። መድኃኒቱ ቀላል ነው፤ ለስድስት ሳምንት ያህል ከምሽቱ 12 ሰዓት እስከ ጠዋቱ 2 ሰዓት በካርቶን ከድኖ፣ ቀን ግን ፀሐይ እንድታገኝ ማድረግ። እምቡጡ ከታየ በኋላ ካርቶኑ አያስፈልግም።

ከጨለማ ቀጥሎ የሚገድላት ውኃ ነው። ውኃዋን በቅጠሏ ታከማቻለች፤ ብዙዎቹ ዘመዶቿም ቀን የቅጠላቸውን ቀዳዳ ዘግተው አየር የሚስቡት ሌሊት ነው። ቤንጃሚን ሃይን በ1815 በታተመ ጽሑፉ የአንዷን ዘመድ ቅጠል ቀምሶ ጠዋት ኮምጣጣ፣ ቀትር ላይ ጣዕም የለሽ መሆኑን መዝግቧል። ቅምሻው ለሌላው አይመከርም፤ የእነዚህ ተክሎች መርዝ ልብን ይጎዳልና ከብትና ፍየል እንዳይደርስባቸው መጠበቅ ይገባል። አፈሩ አሸዋና ጠጠር የተቀላቀለበት፣ ማሰሮውም ከታች የተበሳ ይሁን፤ አፈሩ ሳይደርቅም ውኃ አይጨመርም።

ከጥቂት ዓመት በኋላ ግንዷ እንጨት ይሆናል፣ ቅጠሏም ይሳሳል። ያን ጊዜ ጫፏን ጣት በሚያህል ልክ ቆርጦ፣ ቁስሉ እስኪደርቅ ሁለት ሦስት ቀን ጥላ ውስጥ አቆይቶ፣ እርጥበቱ መጠነኛ በሆነ አሸዋ ላይ መትከል ነው። ቁስሉ ሳይደርቅ የተተከለው ቁራጭ ብዙ ጊዜ ይበሰብሳል።