ወሎ ላሊበላ ኪነት፦ ከቀበሌ አዳራሽ ወደ ሙያ መድረክ

“ወሎ ላሊበላ” በደርግ ዘመን መቀመጫውን ደሴ ያደረገ የወሎ ክፍለ ሀገር የኪነት ቡድን ነበር። ስሙ ከላስታዋ ከተማ ቢወሰድም፣ ማለዳ በየደጁ እያዜሙ ምጽዋት ከሚቀበሉት ላሊበላዎች ጋር አይገናኝም።

በዚያ ዘመን ቀበሌዎች የየራሳቸው የአማተር ኪነት ነበራቸው። በሠርግና በዓውደ ዓመት ጨዋታ ያደጉ ወጣቶች በትርፍ ጊዜያቸው ይለማመዱ፣ የተሻሉትም ተመልምለው ወደ አውራጃና ወደ ክፍለ ሀገር ቡድን ይሻገሩ ነበር። የአምባሰልና የባቲ ዜማ እመቤት የምትባለው ማሪቱ ለገሠ ከወሎ ላሊበላ ከወጡት አንዷ ናት። በ1980 ዓ.ም. ለ1977ቱ ድርቅ ርዳታ ምስጋና ለማድረስ አውሮፓንና አሜሪካን የዞረው “ሕዝብ ለሕዝብ” ከየክፍለ ሀገሩ ኪነቶች ጭምር የተውጣጡ ከያንያንን ይዞ ነበር።

ወደ ሙያ መሻገር ግን ጨዋታውንም ለወጠው። በሠርግ ቤት ክብ ተሠርቶ የፈለገ ይገባል፣ የደከመው ይወጣል፤ አውራጁም ግጥም እስኪያልቅበት ይቀጥላል። በመድረክ ላይ ክቡ ወደ ተመልካች ይከፈታል፤ ከበሮው፣ ማሲንቆውና ትከሻው በደቂቃ ተለክተው ይገጥማሉ። ተቀባይ የነበረው ሕዝብ አጨብጫቢ ብቻ ይሆናል፤ ከባዱ ዋጋም ይኸው ነው። በላስታ መንደሮች ግን ሙሽራ ሲመጣ ዛሬም ክቡ ለሁሉም ክፍት ነው።