«ጋር» የምትለው ቃል፦ የስኳር ሕመምተኛ ቁስል ወደ ኮድ ሲቀየር

አንድ ኢትዮጵያዊ አሜሪካ ውስጥ ባለ ክሊኒክ ቀኝ እግሩን ዘርግቶ ተቀምጧል እንበል። አውራ ጣቱ ሥር ያለው ቁስል አልድን ካለ ሁለት ወር አልፎታል። በአስተርጓሚ ሲጠየቅ «ጫማ ልጦኝ ነው» ይላል። ሐኪሙ ካርዱ ላይ ሁለት ነገር ያሰፍራል፤ ዓይነት 2 የስኳር በሽታ፣ እንዲሁም የቀኝ እግር ጣት ሥር የሰደደ ቁስል፣ ስቡ የታየ። ቁስሉን ያመጣው ስኳሩ ነው የሚል ቃል የለም። ካርዱ ኮደሩ (ሕመምን ወደ ኮድ የሚቀይረው ሠራተኛ) ዘንድ ሲደርስ ግን ኢ11.621 ይሆናል፤ «ዓይነት 2 የስኳር በሽታ ከእግር ቁስል ጋር»። ጫማው ነፃ ወጣ፣ ስኳሩ ተከሰሰ።

ኮደሩ ከራሱ አልጨመረም። እ.ኤ.አ. በኦክቶበር 2016 ሥራ ላይ የዋለው የአሜሪካ የኮድ አሰጣጥ መመሪያ ማሻሻያ፣ በማውጫው «ጋር» በሚለው ቃል ሥር የተያያዙ ሁለት ሕመሞች አንዱ የሌላው ውጤት ተደርገው እንዲወሰዱ ያዛል። ሐኪሙ «አይገናኙም» ብሎ በግልጽ ካልጻፈ በቀር ኮደሩ ማያያዝ አለበት። ለአማርኛ ጆሮ ይህ እንግዳ ነው። «እኅቴ ከጎረቤቷ ጋር መጣች» ስንል አብረው መምጣታቸውን እንጂ አንዷ ሌላዋን ማምጣቷን አንናገርም። ምክንያት ስንፈልግ «በስኳር ሳቢያ»፣ ብሶት ሲጨመርበትም «የስኳር ጦስ» እንላለን። በኮድ መጽሐፉ ውስጥ ግን «ጋር» ማለት «ሳቢያ» ማለት ነው፤ የሐኪሙ ዝምታም እንደ ምስክርነት ይቆጠራል።

ግምቱ ግን እስከ ተወሰነ ድረስ ነው የሚሄደው። ኢ11.628 «ሌላ የቆዳ ችግር» የሚል ጥቅል ክፍል ስለሆነ «ጋር» እዚያ ጉልበት የለውም። የዚሁ ሰው እግር በቁስሉ ዙሪያ ቀልቶ፣ አብጦና ግሎ ሴሉላይተስ (የቆዳ ኢንፌክሽን) ቢባል፣ ኮደሩ ከስኳሩ ጋር በራሱ ሥልጣን ሊያያይዘው አይችልም፤ ሐኪሙን መጠየቅ ይኖርበታል። በአንድ እግር ላይ ቁስሉ ያለ ምስክር ሲፈረድበት ቅላቱ ምስክር ይፈለግለታል።

ኢ11.621 ብቻውንም አይቆምም። ቁስሉ የት እንዳለና ምን ያህል እንደጠለቀ የሚናገር ሁለተኛ ኮድ ይከተለዋል፤ በእኛ ምሳሌ ኤል97.512 ነው። ኤል97 በአልጋ ግፊት ያልመጣ የእግር ቁስል መሆኑን ይነግረናል፤ 5 ተረከዝና የመሃል እግር ሳይሆን ሌላው የእግር ክፍል፣ ጣቶችን ጨምሮ፤ 1 ቀኝ፤ መጨረሻ ላይ ያለው 2 ደግሞ ስቡ የተጋለጠ ማለት ነው። ቁስሉ ከላይኛው ቆዳ ባያልፍ ኖሮ 1፣ ጡንቻው ቢሞት 3፣ አጥንቱ ቢሞት 4 ይሆን ነበር። ሐኪሙ «ስብ» የሚለውን ቃል ቢዘነጋ ኮዱ በ9 ይዘጋል፤ ጥልቀቱ አልተገለጸም ማለት ነው። ቆዳው ብቻ የተላጠ ቁስልና እስከ አጥንት የበሰበሰ ቁስል በ9 ሥር መለያ የላቸውም።

ለፍትሕ ሲባል፣ የቀድሞው ሥርዓት ከዚህም የባሰ ነበር። አሜሪካ እስከ ሴፕቴምበር 2015 በተጠቀመችበት አይሲዲ-9 በተባለው የበሽታዎች ምደባ የእግር ቁስል 250.8 ውስጥ ይገባ ነበር፤ የደም ስኳር መጠን መውረድም እዚያው ሣጥን ውስጥ ነበር።

እኔን ይበልጥ የሚያሳስበኝ ቁስሉ የማን ነው የሚለው ጥያቄ ነው። አሜሪካኖች ከቆዳ ችግሮች መደቡት፤ በኢ11.62 ውስጥ 2 ቆዳ ማለት ነው። የዓለም ጤና ድርጅት አይሲዲ-10 ደግሞ የስኳር ቁስልን ከጋንግሪን ጋር የደም ዝውውር ችግር በሆነው በ.5 ሥር አስቀመጠው። እ.ኤ.አ. ከጃንዋሪ 2022 ጀምሮ ሥራ ላይ የዋለው አይሲዲ-11ም የራሱን ኮድ ቢሰጠውም ያኖረው በደም ዝውውር ምዕራፍ ነው። አንዱ ቆዳ አለ፣ ሌላው ደም ሥር፤ ነርቭ ያለ ግን የለም። ሆኖም ለብዙው የስኳር እግር ቁስል በር የሚከፍተው የነርቭ መደንዘዝ ነው።

ስለዚህ «ጫማ ልጦኝ ነው» ያለው ሰው አልተሳሳተም። ጫማው በእርግጥ ልጦታል። ጤነኛ እግር ቢሆን በመጀመሪያው ቀን ያቃጥለውና ጫማውን ያወልቅ ነበር፤ እሱ ግን ካልሲው ላይ ደም እስኪያይ ድረስ አልተሰማውም። ኢ11.621 የስኳሩን ጥፋት መዝግቦ ይህን መንገድ ይተወዋል። መንገዱ መዝገብ ውስጥ የሚገባው ከጎኑ ኢ11.42፣ የስኳር የነርቭ ጉዳት፣ ሲጻፍ ነው፤ ያን ለመጻፍ ደግሞ «ጋር» ብቻዋን አትበቃም፣ እግሩን የፈተሸ ሰው ያስፈልጋል።

ፈተናው ውድ አይደለም። ሕመምተኛው ዓይኑን ይጨፍናል። ሐኪሙ አሥር ግራም ሲጫን የሚጎብጥ የናይለን ክር ያነሣና አውራ ጣቱ ሥር ያሳርፋል። ክሩ ይጎብጣል። «አሁን ተሰማዎት?» ሲባል ሰውየው ዓይኑን እንደጨፈነ «ነካኸኝ እንዴ?» ይላል።