«ሰላማዊት»፦ የአንድ ዘመናዊ ስም ታሪክ ከፍኖተ ሰላም እስከ ቡሬ



ሰነድ ሲባል ወደ ታሪክ ተማሪ አእምሮ ቀድሞ የሚመጣው ዜና መዋዕል፣ የርስት መዝገብ ወይም ደብዳቤ ነው። ዛሬ ግን ከአንድ ቃል ስለማይበልጥ ሰነድ ልናገር እወዳለሁ፤ ይኸውም የሴት ልጅ መጠሪያ ስም ነው። ስለ ምዕራብ ጎጃም ገጠር ሴቶች ሕይወት የተጻፈልን እጅግ ጥቂት ነው። ብዙዎቹ ለትውልድ ያስተላለፉት ቃል ቢኖር ስማቸው ብቻ ነው። ስለዚህ ስሙን እንደ ጌጥ አይተን ማለፍ የለብንም፤ ልናነበው ይገባል።

ለዛሬ የመረጥሁት ስም «ሰላማዊት» ነው። በፍኖተ ሰላምም ሆነ በቡሬ ይህን ስም የያዘች ተማሪ ማግኘት አያዳግትም። የአያቷ ስም ግን ጥሩነሽ፣ ፈንታነሽ፣ አስናቀች ወይም ምትኬ ሊሆን ይችላል። በአያትና በልጅ ልጅ ስም መካከል ምን ተለወጠ? ጥያቄዬ ይህ ነው።

በቅድሚያ ቃሉን እንመርምር። ሥሩ ሰ-ለ-መ ሲሆን ግእዝ ከዕብራይስጥና ከዐረብኛ ጋር የሚጋራው ጥንታዊ የሴም ቋንቋዎች ሥር ነው። ሰሎሞን፣ አቤሴሎምና ሰሎሜ የተባሉት ስሞችም ከዚሁ ሥር የተገኙ ናቸው። በግእዝ «ሰላም» ዕርቅንና ጸጥታን ብቻ ሳይሆን ሰላምታንም ያመለክታል፤ የመልክእ ድርሰቶች የቅዱሱን አካል አንድ በአንድ እያነሡ የሚያወድሱት በዚህ ቃል እየጀመሩ ነው። የጎጃም ገበሬ ማልዶ ቤተ ክርስቲያን «ተሳልሞ» ወደ እርሻው ሲሄድ የሚናገረው ግሥ ከዚሁ ሥር የበቀለ ነው። ስለሆነም ቃሉ ለአገሩ እንግዳ አይደለም።

ከሥሩ የተገኘ መጠሪያም በአገራችን አዲስ አይደለም። በ4ኛው መቶ ዓመት የመጀመሪያው ጳጳስ ፍሬምናጦስ አባ ሰላማ ተብሏል፤ በ14ኛው መቶ ዓመት በትርጉም ሥራው የሚታወቀው ጳጳስም በዚሁ ስም ይጠራል። ሁለቱም ወንዶች፣ ሁለቱም የቤተ ክህነት ሰዎች ናቸው። አዲስ የሆነው ቃሉ የገበሬ ሴት ልጅ የዘወትር መጠሪያ መሆኑ ነው። «-ዊት» የሚለው ቅጥያም የግእዝ አንስታይ ምልክት ነው፤ ኢትዮጵያዊት እንደምንለው ሁሉ ሰላማዊት ማለት የሰላም የሆነች፣ ሰላም ያላት ማለት ነው። በዕለታዊ ንግግር ግን የገጠር ሰው ጠባየ መልካም ሴትን «ረጋ ያለች» ይላታል እንጂ «ሰላማዊት» አይላትም። ስለዚህ ስሙ የመጽሐፍና የትምህርት ቤት ቋንቋ ጠረን አለው።

አሁን የቀድሞውን የስም አወጣጥ ሥርዓት እንይ። ክርስቲያን ቤተሰብ ለልጁ ሁለት ስም ያወጣል። የመጀመሪያው ወንድ በ40፣ ሴት በ80 ቀን ሲጠመቁ ካህኑ የሚሰጠው የክርስትና ስም ነው፤ ሁለተኛው ወላጆች የሚያወጡት የዓለም ስም ነው። እቴጌ ምንትዋብ የክርስትና ስማቸው ወለተ ጊዮርጊስ፣ እቴጌ ጣይቱ ደግሞ ወለተ ሚካኤል ነበር። በዚህ ክፍፍል ግእዝ የቅዳሴው፣ አማርኛ የጓዳው ስም ቋንቋ ነበር ማለት ይቻላል። ምንትዋብ የሚለው ስም ራሱ ሙሉ የአድናቆት ዐረፍተ ነገር ነው። የገጠሩም ስም እንዲሁ ነበር፦ ጥሩነሽ ልጅቱን ፊት ለፊት ያናግራል፤ አስናቀች ስለ እርሷ ይመሰክራል፤ ምትኬ በሞት የተለየን ልጅ ያስታውሳል። ቀድሞ የነበረው ስም በአመዛኙ በቤቱ ውስጥ የሆነውን የሚናገር አጭር ታሪክ ነው።

ሰላም፣ ሕይወት፣ ነጻነት፣ ትዕግሥት፣ ቅድስት፣ ሰላማዊት የሚሉት ስሞች ከዚህ ይለያሉ። ማንንም አያናግሩም፤ ግሥም የላቸውም። ረቂቅ ሐሳብን ወይም ባሕርይን የሚሰይሙ፣ አብዛኞቹም ከግእዝ የተወረሱ ቃላት ናቸው። ለለውጡ ዋናው ምክንያት፣ እንደ እኔ ግንዛቤ፣ የመዝገብ መስፋፋት ነው። በ1952 የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ስምን የሕግ ጉዳይ አደረገው። በ1971 የተጀመረው የመሠረተ ትምህርት ዘመቻ ፊደልን ወደ ገጠሩ ጎልማሳ አደረሰ። ቆይቶም አዋጅ ቁጥር 760/2004 የልደት ምዝገባን ግዴታ አደረገ። ስም በክፍል ውስጥ ጮክ ተብሎ የሚጠራ፣ በምስክር ወረቀት ላይ የሚጻፍ በሆነ ጊዜ፣ ወላጅ የጓዳውን ምስጢር አደባባይ ከማውጣት ይልቅ ለሁሉም የሚገባ ቃል መምረጡ አያስደንቅም። የካህኑ ግእዝ በትምህርት ቤት በኩል ዞሮ ወደ ዓለም ስም ገባ።

ተመሳሳይ ለውጥ በከተሞችም ስም ላይ ይታያል። በንጉሥ ተክለ ሃይማኖት ዘመን መንቆረር ደብረ ማርቆስ ተባለች። ፍኖተ ሰላምም ቀድሞ ወጀት ትባል ነበር፤ የአሁኑን ስም ያወጡላት ዐፄ ኃይለ ሥላሴ ናቸው። ትርጉሙ የሰላም መንገድ ማለት ነው። ከቡሬ በፍኖተ ሰላምና በደምበጫ ወደ ደብረ ማርቆስ የሚወስደው መስመር ደግሞ የጦርነት መንገድም ነበር። የጣሊያን ጦር ቡሬን የለቀቀው በየካቲት 1933 መጨረሻ ነው፤ ንጉሠ ነገሥቱ ደብረ ማርቆስ የገቡት መጋቢት 28 ቀን 1933 ነው። በእንዲህ ያለ መንገድ ላይ ያለችን ከተማ የሰላም መንገድ ብሎ መሰየም የሆነውን ከመግለጽ ይልቅ የሚፈለገውን መናገር ነው።

እዚህ ላይ የልጅቱ ስምና የከተማዋ ስም ይገናኛሉ። ሰላማዊት የሚለው ስም ከአያቶች ልማድ ፈጽሞ የተቆረጠ አይደለም። ምትኬ ብላ የሰየመች እናት ያጣችውን በስም ትጠራ ነበር፤ ሰላማዊት የሚል ወላጅም የሚሻውን በስም ይጠራል። ልዩነቱ የጉድለቱ ስፋት ነው። ያኛው የአንድ ቤት ጉድለት ነበር፤ ይህኛው የአገር ነው።

«የሰላም መንገድ» የሚለው ሐረግ በመጽሐፍ ቅዱስ በሁለት ተቃራኒ ስሜት ይገኛል። በሉቃስ ወንጌል ምዕራፍ 1 ቁጥር 79 ተስፋ ነው፤ በኢሳይያስ ምዕራፍ 59 ቁጥር 8 ግን ያንን መንገድ ለማያውቁት ወቀሳ ነው። በነሐሴ 2015 የኢትዮጵያ ሰብአዊ መብቶች ኮሚሽን በአማራ ክልል ሲቪሎች የተጎዱባቸውን ከተሞች ሲዘረዝር ፍኖተ ሰላምንና ቡሬን ጠቅሷል። ከዚያ ወዲህ የከተማዋን ስም ያለ ሁለተኛው ንባብ ማንበብ ይከብደኛል። የልጅቱንም ስም እንዲሁ።

ለተማሪዎች አንድ ማሳሰቢያ ልጨምር። ስም ብቻውን የታሪክ ማስረጃ አይሆንም። «ሰላማዊት የተባለችው ጦርነት ስላበቃ ነው» ለማለት የልደት ዘመኗን፣ የእኅቶቿንና የወንድሞቿን ስም፣ ስሙን ያወጣውን ሰው ማወቅ ያስፈልጋል። ምናልባት አክስቷ፣ ምናልባትም የአንደኛ ክፍል መምህርቷ ናት ያወጣችው። ጠይቁ፤ መልሱን ከነዘመኑ መዝግቡ። መዝገብ ቤት ስሙን ይጽፋል፤ ምክንያቱን ግን አይጽፍም። ምክንያቱ ያለው በሽማግሌዎችና በባልቴቶች አንደበት ነው፤ እነርሱም በየዓመቱ ይቀንሳሉ።