የግጥም ፊልም፦ ምንነቱና አሠራሩ

የግጥም ፊልም አንድን ግጥም ከመነሻ አልፎ የሥራው መሪ የሚያደርግ አጭር ፊልም ነው። ግጥሙ ይነበባል፣ ይዜማል ወይም በጽሑፍ ይታያል፤ አንዳንዴም ቃሉ ይቀርና ምቱና አወቃቀሩ ምስሉን ይመራሉ። በእንግሊዝኛ «ፖኤትሪ ፊልም»፣ በጀርመንኛ «ፖኤዚፊልም» ይባላል። ለዘርፉ ራሱን የቻለ «ዜብራ» የተሰኘ ፌስቲቫል በበርሊን የተጀመረው እ.ኤ.አ. በ2002 ነው። በአማርኛ «ግጥማዊ ፊልም» ቢባል ስሜቱ ግጥም ግጥም የሚለውን ፊልም ሁሉ ስለሚጠቀልል፣ «የግጥም ፊልም» የተሻለ ነው።

ለማሳያ የጀርመናዊውን ገጣሚ የጎተን «ኤርልኮኒግ» መውሰድ ይቻላል። በ1782 ለአንድ የሙዚቃ ተውኔት የተጻፈው ይህ ተራኪ ግጥም 32 መስመር ብቻ ነው። አባት ልጁን አቅፎ በሌሊት ይጋልባል። ልጁ የመናፍስት ንጉሥ ሲያባብለው ያያል፣ ይሰማል፤ አባቱ የሚያየው ጉም፣ የሚሰማው የደረቀ ቅጠል ነው። ቤት ሲደርሱ ልጁ ሞቷል። ከሁለቱ ማን እንደተሳሳተ ግጥሙ አይናገርም፤ ኃይሉም ያለው እዚሁ ላይ ነው።

የፊልም ሠሪው ፈተናም ከዚህ ይጀምራል። ገጣሚ ዝም ያለበትን ካሜራ ዝም ሊልበት ይቸግረዋል። ንጉሡን ዘውድ ደፍቶ ካሳየው ለልጁ ፈርዷል፤ ጉሙን ብቻ ካሳየ ለአባቱ። የድምፅም ጥያቄ አለ፦ ተራኪውን፣ አባቱን፣ ልጁንና ንጉሡን አንድ ሰው ያንብባቸው ወይስ አራት ተዋንያን? የሙዚቃ ደራሲው ፍራንዝ ሹበርት በ1815፣ ገና በ18 ዓመቱ፣ ግጥሙን ሲያዜመው አራቱንም ለአንድ ድምፃዊ፣ ግልቢያውን ደግሞ ለፒያኖው ሰጥቷል። ስዊዘርላንዳዊው ዦርዥ ሽቪዝጌቤል በ2015 በሹበርትና በሊስት ሙዚቃ ታጅቦ ግጥሙን ወደ ሥዕል አኒሜሽን አምጥቶታል። የዚህ ሠዓሊ መለያ አንዱን ምስል ሳይቆርጡ ወደ ሌላው መለወጥ ነው። ጉምና ንጉሥን ሳይነጣጥሉ ለማቆየት ከዚህ የተሻለ ዘዴ ማግኘት ያስቸግራል።

ከግጥም የተነሣ አጭር ፊልም ሁሉ ግን የግጥም ፊልም አይደለም። የጎተ «የአስማተኛው ተማሪ» (1797) በፖል ዱካስ የኦርኬስትራ ሙዚቃ (1897) በኩል አልፎ በ1940 ከዲዝኒ «ፋንታዝያ» ክፍሎች አንዱ ሆኗል። ሚኪ ማውስ መጥረጊያውን ውኃ የሚያስቀዳበት ይህ ክፍል ድንቅ ሥራ ነው። ሆኖም ከጎተ የመጣው ታሪኩ ብቻ ነው፤ ከስንኞቹ አንድም አይሰማም፣ ምስሉን የሚመራው ምትም የዱካስ ነው። እንዲህ ያለውን «ከግጥም የተወሰደ ፊልም» ማለቱ ትክክል ነው።