ጨው የነካቸው ጣቶች

የዓሣ ማስገር ታሪክ ሲጻፍ ብዙውን ጊዜ የሚወደሰው ባሕር ላይ ያለው ወንድ ነው። የስኮትላንድን የሄሪንግ ዘመን ሳነብ ግን ልቤ የሚቀረው ወደቡ ላይ፣ ቢላዋ ከጨበጡት ሴቶች ዘንድ ነው።

ሄሪንግ ትንሽ፣ ብርማ፣ ቅባታም ዓሣ ነው፤ በመንጋ ይጓዛል፤ ሌሊት ወደ ውኃው ገጽ ከፍ ይላል። አስጋሪዎቹም ሲመሽ መረባቸውን እንደ መጋረጃ በውኃ ውስጥ ዘርግተው ከሞገዱ ጋር እየተንሳፈፉ ይጠብቁት ነበር። ይሁን እንጂ ቅባታም በመሆኑ ፈጥኖ ይበላሻል። ሆድ ዕቃው ወጥቶ ቶሎ ጨው ካልገባው የሌሊቱ ድካም ሁሉ ከንቱ ነው። እንግዲህ የሀብቱ ቁልፍ ከመረቡ ይልቅ ቢላዋው ነበር ብል ያጋነንኩ አይመስለኝም።

ሴቶቹ የሚሠሩት ሦስት ሦስት ሆነው ነው። ሁለቱ ይሰነጥቃሉ፤ ሦስተኛዋ አንድ ረድፍ ዓሣ፣ አንድ ረድፍ ጨው እያደረገች በበርሜል ትደረድራለች። ጣቶቻቸውን አስቀድመው በብጣሽ ጨርቅ ይጠመጥማሉ፤ ስለቱ ጨርቁን አልፎ ሲቆርጣቸው ጨው ከቁስሉ ይገባል። ዓሣው ሲበዛ በፋኖስ ብርሃን እስከ ሌሊት ይቆማሉ። እጃቸው ከቢላዋው ባረፈ ጊዜ ደግሞ፣ መንገድ ላይ እንኳ ሳይቀር፣ ሹራብ ይሠራሉ።

ነጋዴው የሥራው ወራት ሳይደርስ ቀብድ ሰጥቶ ያስራቸዋል። ዋናው ክፍያ በበርሜል ቁጥር ተሰልቶ ለሦስት ይካፈላል፤ አንዱ በርሜል ደግሞ 700 እና ከዚያም በላይ ዓሣ ይውጣል። (ሒሳቡን አንባቢ ይሥራው!) በስኮትላንድ ወደቦች የመንግሥት ተቆጣጣሪ ጥራቱን መርምሮ በበርሜሉ ላይ የዘውድ ምልክት ያትም ነበር። ሙያው የሴቶቹ፣ ማኅተሙ የንጉሡ።

መርከቦቹን ተከትለው ከሰሜኑ ከሼትላንድ ጀምረው በጥቅምትና በኅዳር እስከ እንግሊዝዋ ግሬት ያርማዝ ይወርዱ ነበር፤ ከሉዊስ ደሴት የመጡት በጌሊክ ቋንቋቸው እየዘመሩ። እ.ኤ.አ. በ1913 በያርማዝ ከ1,000 በላይ ጀልባዎች ተሰበሰቡ። ዋነኞቹ ገዢዎች ጀርመንና ሩሲያ ነበሩና የ1914ቱ ጦርነትና የ1917ቱ አብዮት ያንን ገበያ ሰባበሩት።

በ1930ዎቹ፣ ገበያው በጠበበበት ዘመን፣ ሴቶቹ ያርማዝ ላይ ቢላዋቸውን አስቀምጠው የበርሜሉ ዋጋ እንዲጨመርላቸው ጠየቁ። ያልተሰነጠቀ ሄሪንግ አንድ ቀን ሲያድር ምን እንደሚሆን ከእነርሱ በላይ የሚያውቅ አልነበረም።