«መሥራች የለንም» ያሉት ተጓዥ ሰባኪያን

ስም የሌለው የሃይማኖት ማኅበር ሰምታችሁ ታውቁ ይሆን? የጸሎት ቤት አይሠራም፤ በደጁ ላይ ሰሌዳ አይሰቅልም፤ ለሰባኪዎቹ ደመወዝ አይቆርጥም። አባላቱ «እውነት» ወይም «መንገድ» ይሉታል እንጂ ሌላ ስም አያወጡለትም። የውጭ ሰው ግን ሰባኪዎቹ ጥንድ ጥንድ ሆነው ሲዞሩ እያየ «ሁለት ሁለቶቹ» ብሎ ሰይሟቸዋል። የዚህን አነስተኛ የክርስቲያን ወገን ታሪክ የምናነሣው በማንም ለመዘባበት አይደለም። አንድ ማኅበር የመጣበትን መንገድ ከገዛ ልጆቹ ሲደብቅ ምን እንደሚከተል ስለሚያሳይ ነው። ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

አጀማመሩ

ዊልያም ኧርቪን በ1863 በስኮትላንድ ኪልሲዝ በምትባል ከተማ ተወለደ። የድንጋይ ከሰል ማዕድን ሥራ አስኪያጅ ነበር። በ1893 ጆን ማክኒል የተባለ የፕሬስቢቴሪያን ሰባኪ ያደረገውን ስብከት ሰምቶ ልቡ ተነካ፤ ሥራውንም ትቶ በ1895 «ፌዝ ሚሽን» ወደተባለ የወንጌል ተልእኮ ድርጅት ገባ። ይህ ድርጅት በ1886 በስኮትላንድ የተመሠረተ ሲሆን ወጣት ሰባኪያንን ጥንድ ጥንድ አድርጎ ወደ ገጠር ይልክ ነበር። የራሱን ቤተ ክርስቲያን አላቆመም፤ በስብከቱ የተለወጡትን ሁሉ ወደየቤተ ክርስቲያናቸው ይመልሳቸው ነበር።

ኧርቪን ወደ አየርላንድ ከተላከ በኋላ ግን ይህ አሠራር አላረካውም። በ1897 ኔና በተባለች ከተማ በራሱ ኃላፊነት መስበክ ጀመረ። በማቴዎስ ወንጌል 10ኛ ምዕራፍ ላይ ሐዋርያት ገንዘብ፣ ከረጢትና ትርፍ ልብስ ሳይዙ እንዲሄዱ የታዘዙትን ትእዛዝ ለዘመኑም የሚሠራ ሕግ አድርጎ ወሰደው። ደመወዝ የሚበላ ቄስና በድንጋይ የታነጸ ቤተ ክርስቲያን ከዚህ ትእዛዝ የራቁ ናቸው ሲል አወገዘ። በ1901 ከድርጅቱ ጋር ፈጽሞ ተለያየ።

ብዙ ወጣቶች ተከተሉት። ከእነርሱ አንዱ በኤኒስኪለን ከተማ የአንድ ሀብታም ነጋዴ ልጅ የነበረው ኤድዋርድ ኩኒ ነው። የቤተሰቡን ንግድ ትቶ በ1901 ተጓዥ ሰባኪ ሆነ። ንግግሩ ኃይለኛ ስለነበር ሕዝቡ ተከታዮቹን ሁሉ በእርሱ ስም «ኩኒያውያን» ይላቸው ጀመር። በዚያው ከተማ ይታተም የነበረው «ኢምፓርሻል ሪፖርተር» ጋዜጣ ስብሰባቸውን፣ ጥምቀታቸውንና ክርክራቸውን እየተከታተለ ጻፈ። ይህን ነገር ልብ በሉልን፤ በኋላ ያስፈልገናል።

መስፋፋቱ

በ1903 ኧርቪን ከጓደኞቹ ጋር ባሕር ተሻግሮ ኒውዮርክ ገባ። በሚቀጥሉት ጥቂት ዓመታትም ሰባኪዎቹ አውስትራሊያ፣ ኒውዚላንድና ደቡብ አፍሪካ ደረሱ። ያለ ገንዘብና ያለ ጽሕፈት ቤት ይህን ያህል ርቀት መሄድ እንዴት ቻሉ?

ምሥጢሩ ቤት ነው። «ሠራተኞች» የሚባሉት ሰባኪያን ቤት የላቸውም፤ ትዳርም አይዙም። «ወዳጆች» በሚባሉት ምእመናን ቤት እየተዘዋወሩ ያድራሉ፤ ከማዕዳቸው ይበላሉ። እሑድ ጠዋት ጥቂት ቤተሰቦች በአንዱ ቤት ተሰብስበው ይዘምራሉ፣ ይጸልያሉ፣ እንጀራና ወይን ይካፈላሉ። በዓመት አንድ ጊዜ በአንድ ገበሬ እርሻ ላይ ትልቅ ጉባኤ ያደርጋሉ። ሙዳየ ምጽዋት አይዞርም፤ ሰው የፈቀደውን በግል ይሰጣል። ጨዋነታቸውንና እንግዳ ተቀባይነታቸውን ያየ ብዙ ሰው ተማርኮባቸዋል፤ ይህን መካድ ፍትሕ አይደለም።

የሰንሰለቱ ትምህርት

ነገር ግን ብዙም ሳይቆይ፣ በ1900ዎቹ የመጀመሪያ ዓመታት፣ አንድ አዲስ ትምህርት ገባ። ሰው የሚድነው ከእነርሱ ሠራተኞች አንዱን በአካል ሰምቶ ሲቀበል ብቻ ነው፤ ያ ሠራተኛም ከእርሱ በፊት ከነበረ ሠራተኛ የተቀበለ መሆን አለበት ተባለ። መዳን እንደ ሰንሰለት ከሰው ወደ ሰው የሚተላለፍ ሆነ።

እንግዲህ አንባቢ ሆይ፣ ሰንሰለቱን ወደኋላ ቁጠረው። ከሠራተኛ ወደ ሠራተኛ ስትሄድ ኧርቪን ዘንድ ትደርሳለህ። ኧርቪንስ ከማን ተቀበለ? በ1893 ከፕሬስቢቴሪያኑ ማክኒል! ማክኒል ደግሞ በአዲሱ ትምህርት መሠረት ከውጭ ነው። ስለዚህ ትምህርቱ እውነት ከሆነ መሥራቹ ራሱ አልዳነም፤ መሥራቹ ከዳነ ደግሞ ትምህርቱ ሐሰት ነው።

ዝምታው

ከዚህ አጣብቂኝ መውጫ የሆነው ነገር ዝምታ ነበር። በ1914 ግድም ኧርቪን የጸጋው ዘመን አብቅቷል፣ በራእይ መጽሐፍ ከተጠቀሱት ሁለት ምስክሮች አንዱ እኔ ነኝ ማለት ሲጀምር፣ አገሮችን ተከፋፍለው ይመሩ የነበሩት ተቆጣጣሪዎች ገለል አደረጉት። በ1919 ወደ ኢየሩሳሌም ሄደ፤ በዚያም በ1947 ሞተ። ኩኒም የሰንሰለቱን ትምህርትና በመንግሥት ፊት ስም ማውጣትን ስለተቃወመ በ1928 ተባረረ፤ በ1960 በአውስትራሊያ አረፈ። ስም የለንም ይሉ የነበሩት ሰዎች ወጣቶቻቸውን ከጦር ግዳጅ ለማዳን ሲሉ በሁለቱ የዓለም ጦርነቶች ጊዜ በብሪታንያና በአሜሪካ ስም አስመዝግበው ነበርና።

ከዚያ ወዲህ የሁለቱ ሰዎች ስም ከአንደበት ጠፋ። ልጆች «መሥራች የለንም፤ ከገሊላ ባሕር ዳር ሳይቋረጥ የመጣ ነው» እየተባሉ አደጉ። የሞተ ሰው አይናገርም፤ የታተመ ጋዜጣ ግን ይናገራል። በ1982 ዳግና ሄለን ፓርከር የተባሉ ባልና ሚስት እነዚያን የቆዩ ጋዜጦችና ደብዳቤዎች ሰብስበው በአውስትራሊያ መጽሐፍ አሳተሙ። ብዙ ቤተሰቦች ነገሩን ሲያውቁ ያሳዘናቸው መሥራች መኖሩ ሳይሆን በ«እውነት» ስም መዋሸታቸው ነበር።

ዝምታ አንዴ ከለመደ በአንድ ነገር ብቻ አያቆምም። በ2023 አንድ ተቆጣጣሪ ለምእመናን በጻፈው ደብዳቤ፣ ቀደም ሲል የሞተ ባልደረባው ለአካለ መጠን ባልደረሱት ላይ ጭምር ወሲባዊ ጥቃት ይፈጽም እንደነበር ገለጸ። በተለያዩ አገሮች ያሉ ተጠቂዎችም መናገር ጀመሩ። በየካቲት 2024 የአሜሪካው የምርመራ ቢሮ ኤፍ ቢ አይ በዚሁ ማኅበር ውስጥ ጥቃት የደረሰባቸው ሰዎች መረጃ እንዲሰጡት ጥሪ አቀረበ። እንግዳው ቅዱስ ነው ተብሎ ያለ ጥያቄ ቤት ሲከፈትለት፣ ዋጋውን የከፈሉት ልጆች ሆኑ።

ውድ ወላጆች! እንግዳ መቀበል መልካም ነው፤ መምህርን ማክበርም ተገቢ ነው። ይሁንና የማንም ክብር ልጅን ከመጠበቅ አይበልጥም። ልጆቻችሁ «ይህ ከየት መጣ? ማን ነገራችሁ?» ብለው ሲጠይቁ አትቆጡ። የምታውቁትን ንገሯቸው፤ የማታውቁትን አብራችሁ ጠይቁ። በቤቱ መጠየቅ የለመደ ልጅ የደረሰበትን ክፉ ነገር ለመናገርም አይፈራም።