ዘሪቱ ከበደ ማን ናት? ከጊታር እስከ ካሜራ ፊት

የሀገራችን ሮክ ሲነሳ ብዙ ሰው ቶሎ የሚጠራው ጃኖ ባንድን ነው። አይፈረድበትም። ጃኖዎች እ.ኤ.አ. በ2012 በወጣው «ኤርታሌ» አልበማቸው፣ ከአሜሪካዊው ፕሮዲዩሰር ቢል ላስዌል ጋር ሆነው፣ ኤሌክትሪክ ጊታርን ከሀገር ቤት ቅኝት ጋር አገናኝተዋል። ግን ከነሱ በፊት የሮክን ስሜት እስከ ታክሲ ስፒከር ያደረሰች ልጅ ነበረች።

ዘሪቱ ከበደ በስሟ የተሰየመውን የመጀመሪያ አልበሟን ያወጣችው እ.ኤ.አ. በ2005 ነው። ከአልበሙ ጀርባ መስከረም 2012 ዓ.ም. ያጣነው ኤልያስ መልካ አለ። ሚካያ በሃይሉንና እዮብ መኮንንንም ያቀናበረው እሱ ነው። ዘሪቱን ከብዙዎቹ የሚለያት ራሷ መጻፏ ነው፤ ሲዘፍኗት የምትሰማው ግጥም የሌላ ሰው ትዕዛዝ አይመስልም። ሮክነቷ ጥርት ብሎ የሚሰማው ደግሞ «አርቴፊሻል» ላይ ነው። በተውሶ ማንነት የሚኖረውን ትውልድ ፊት ለፊት ትናገረዋለች። እኛ ዛሬም ስንሰማው ትንሽ ይቆነጥጠናል።

አድናቂው ሁለተኛ አልበም ሲጠብቅ እሷ በሲኒማ መጣች። «ቀሚስ የለበስኩ'ለት» ላይ መሪ ተዋናይ ሆነች፣ በኋላም በቅድስት ይልማ «ታዛ» ላይ አየናት። ዘፋኝ ለፖስተር ማድመቂያ ሲባል ፊልም ውስጥ የሚገባበት ጊዜ አለ። የሷ እንደዛ አልነበረም፤ በኛ እይታ ፊቷ እንደ ድምጿ ነው፣ ብዙ ሳይጮህ ይነግርሃል።

«ዘፋኝ ምን አገባው ትወና?» ለሚሉ፦ ይሄ ከውጭ የመጣ ፋሽን አይደለም። ድሮ እንደ ሀገር ፍቅር ያሉ ቲያትር ቤቶች ዘፈኑንም ተውኔቱንም አንድ መድረክ ላይ ነበር የሚያቀርቡት። የክራሯ እመቤት አስናቀች ወርቁ በ1940ዎቹ መድረክ ላይ የወጣችው ሴት ገጸ ባህሪን ወንዶች በሚጫወቱበት ዘመን ነው። አባባ ተስፋዬ ራሳቸው ሴት ሆነው ይተውኑ ነበር፤ ዘፋኝም ነበሩ።

ልዩነቱ ለአስናቀች ዘመን ሰዎች ቲያትር ቤቱ ደሞዝ ይከፍል ነበር። የዛሬ ሮከር ያ የለውም። የካሴትና ሲዲ ገበያው በኮፒ ተጎድቶ ከረመ፣ የላይቭ መድረኩ ደግሞ አዲስ አበባ መሃል ያሉ ክለቦች ናቸው። ሰበታ፣ ቡራዩ ወይ ሱሉልታ ሆነህ ጊታር የምትማር ልጅ ይሄን ታውቀዋለህ፦ ባንዱ ሞቅ ማለት ሲጀምር ወደ ቤት የሚመልስህ ታክሲ ሊያልቅ ነው። ፊልም ግን ስልክህ ላይ ይመጣል። ለዚህም ይመስለናል ከናንተ መሃል ዘሪቱን መጀመሪያ በተዋናይነት ያወቃት ያለው።

እንዲህ ከሆነ በ«አርቴፊሻል» ጀምሩ። ከዛ ወደ 2005ቱ አልበም ተመለሱ፤ በኢርፎን ቢሆን ይሻላል፣ ባሱ በስልክ ስፒከር አይሰማም።